ባሕር ላይ የተተከለ ኬላ

ሰኔ ሊያልቅ ጥቂት ቀን ሲቀረው ነው፤ መርካቶ፣ በርበሬ በረንዳ አካባቢ፣ አንዲት ጠባብ የቅመም ሱቅ ውስጥ። ዝናቡ የቆርቆሮውን ጣራ ይደበድባል። ባለሱቋ ሰፌድ ይዛ ቁንዶ በርበሬ ታበጥራለች። ድሮ የማታ ተማሪ ሳለች ታሪክ ያስተማሯት አዛውንት ከዝናቡ ተጠልለው በርጩማ ላይ ተቀምጠዋል። ልጇ ለነገ ፈተና አለባት፤ ኬሻ ላይ ተቀምጣ ደብተሯን ዘርግታለች። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ባለሱቋ፦ ጋሼ፣ እስኪ ይቺን ይመልከቱልኝ። «ወደ ህንድ የሚወስደውን የባሕር መንገድ ያገኘው ማን ነው?» ይላል ጥያቄው። ልጄ «ቫስኮ ዳ ጋማ» ብላለች። እርስዎም ያስተማሩን እንደዚያው ነበር። ልክ ናት አይደል?

መምህሩ፦ ነገ እንደዚያው ትጻፍ፤ ፈታኙ የሚጠብቀው እሱን ነው። እኔ ግን ያን ዓረፍተ ነገር ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሰሌዳ ላይ ስጽፍ ኖሬ ዛሬ ይቆጨኛል። ቃሏ ናት የምትቆጨኝ፤ «አገኘ» የምትለዋ። አንቺ የማታውቂው ሰፈር ገብተሽ የሰፈሩ ልጅ እጅሽን ይዞ ከፈለግሽው ቤት ቢያደርስሽ፣ «ቤቱን አገኘሁት» ብለሽ ታወሪያለሽ?

ባለሱቋ፦ አንድ ልጅ አደረሰኝ ነው የምለው። ለልጁም አመሰግናለሁ።

መምህሩ፦ ዳ ጋማንም ያደረሱት ሰዎች ናቸው። በ1497 ሐምሌ ላይ አራት መርከብና 170 ያህል ሰው ይዞ ከሊዝበን ተነሣ። አፍሪካን በደቡብ ጫፏ ዞሮ ሞዛምቢክ ደረሰ፤ ተጣላ። ሞምባሳ ደረሰ፤ እዚያም ተጣላ። ከዚያ ማሊንዲ። የማሊንዲ ገዥ ከሞምባሳ ጋር ባላንጣ ስለነበር እንግዳውን በደስታ ተቀበለው፤ ባሕሩን እንደ እጁ መዳፍ የሚያውቅ መርከብ መሪም ሰጠው። በ1498 ሚያዝያ ላይ ተነሥተው በ23 ቀን የህንድን ጠረፍ አዩ።

ባለሱቋ፦ ሃያ ሦስት ቀን ብቻ?

መምህሩ፦ አዎ፣ መንገዱ የታወቀ ነዋ። በበጋው ወራት ነፋሱ ከህንድ ወደ አፍሪካ ይነፍሳል፤ ከዚያ ይዞርና ከአፍሪካ ወደ ህንድ ይነፍሳል። አሁን ይሄ ዝናብ ጣራሽን ሲደበድብ እዚያ ውቅያኖስ ላይ ያ ነፋስ በርትቶ ነው ያለው። ዐረቦች «መውሲም» ይሉታል፣ ወቅት ማለት ነው። ፈረንጆች «ሞንሱን» የሚሉት ቃል ከእሱ የተወሰደ ነው። የህንድ፣ የዐረብና የስዋሂሊ ሰዎች ነፋሱን እየጠበቁ ከአንድ ሺህ ዓመት በላይ ተመላልሰውበታል፤ ሳንቃዋ በምስማር ሳይሆን በኮኮናት ቃጫ ገመድ በተሰፋች መርከብ። የቻይናው ዠንግ ሄ ከ1405 እስከ 1433 ሰባት ጊዜ ታላላቅ መርከቦች አስከትሎ በዚያ ባሕር ዞሯል፤ ከማሊንዲ የተላከ ቀጭኔ በ1415 ለቻይና ንጉሥ ቀርቧል። ዳ ጋማ የዘገየ እንግዳ ነው።

ባለሱቋ፦ ያ መርከብ መሪ ስሙ ማን ነበር?

መምህሩ፦ እሱን ቆይቼ እነግርሻለሁ። መጀመሪያ የመልሱን ነገር ስሚኝ። ዳ ጋማ ህንድ ውስጥ ከደረሰባት ወደብ፣ ከካሊከት፣ የወጣው ነሐሴ መጨረሻ ላይ ነው፤ ነፋሱ እስኪዞርለት አልጠበቀም። ሲሄድ በ23 ቀን ያቋረጠውን ባሕር ሲመለስ ሦስት ወር ፈጀበት። ድዳቸውና እግራቸው እያበጠ 30 ያህል ሰው በዚያ መሻገሪያ ብቻ ሞቱበት። የሚያንቀሳቅሳት ሰው በማጣቱ አንዷን መርከብ ራሱ አቃጠላት። ከሊዝበን ከወጡት ውስጥ አገሩ የገባው ከግማሽ በታች ነው። መንገዱን ያገኘ ሰው እንዲህ አይሆንም።

ባለሱቋ፦ እኔ የምጠይቀው ሌላ ነው። ነጋዴ ነኝ። ይዞት የሄደው ዕቃ ምን ነበር? ካሊከት ቅመም ሊገዛ ሄደ ካሉ፣ በምን ሊገዛ?

መምህሩ፦ በክፍል ውስጥ ይህን ጥያቄ የጠየቀኝ ተማሪ አልነበረም። ካሊከትን የሚገዛው ሳሙድሪ ነው፤ ፈረንጆቹ ዛሞሪን ይሉታል። በወርቅ ምራቅ መትፊያ እየተፋ፣ በአረንጓዴ ከፋይ ላይ ጋደም ብሎ ነበር የተቀበለው። ወደቡ ላይ የካይሮ፣ የጉጃራት፣ የሆርሙዝ ነጋዴ ወርቅ ይዞ ይሰለፋል። ዳ ጋማ ለዚህ ሰው ያዘጋጀውን ገጸ በረከት ጉዞው ላይ የተጻፈው ማስታወሻ ዘርዝሮታል፦ 12 ጣቃ ባለመስመር ጨርቅ፣ 4 ቀይ ቆብ፣ 6 ባርኔጣ፣ 4 ዘለላ የኮራል ጌጥ፣ 6 መታጠቢያ ሳህን፣ አንድ ሣጥን ስኳር፣ 2 በርሜል ዘይት፣ 2 በርሜል ማር።

ባለሱቋ፦ ለንጉሥ?

መምህሩ፦ ለንጉሥ። የሳሙድሪ ሹማምንት ዕቃውን ሊያዩ መጥተው ሳቁ። ከመካ የሚመጣ ድሃ ነጋዴ እንኳ ከዚህ የተሻለ ይሰጣል፣ ለንጉሥ የሚገባው ወርቅ ነው ብለው ሳያቀርቡለት ቀሩ። ሱፍ ጨርቁንም ለገበያ ቢያወጣው የሚገዛው አጣ። በዚያ ሙቀት ሱፍ ማን ይለብሳል?

ባለሱቋ፦ (ሰፌዱን አስቀምጣ) አሁን ገባኝ። ገንዘብ የለውም፤ የሚፈለግ ዕቃም የለውም። እንዲህ ያለ ሰው ገበያ መጥቶ ቢመለስ ሁለት ነገር ያደርጋል። ወይ ሠርቶ ይመጣል፣ ወይ ዱላ ይዞ ይመጣል።

መምህሩ፦ ዱላ ይዞ ነው የመጣው። በ1500 ካብራል የሚባለው በ13 መርከብ ወጣ። መንገድ ላይ ብራዚልን ነክቶ ካሊከት ደረሰ፤ ከዚያ ነጋዴዎች ጋር ተጋጭተው ደም ፈሰሰ፤ ከተማዋን በመድፍ ደበደባት። በ1502 ዳ ጋማ ራሱ ተመለሰ፤ የዚያን ጊዜ 20 ያህል መርከብ ነበረው። ካሊከት ከመድረሱ በፊት ከመካ ሐጅ አድርጋ የምትመለስ አንዲት ትልቅ መርከብ ያዘ፤ ሚሪ ትባላለች። በውስጧ በመቶ የሚቆጠሩ ወንዶች፣ ሴቶችና ሕፃናት አሉ።

ባለሱቋ፦ ሐጃጆች ናቸው እኮ። ምን አደረገ?

መምህሩ፦ ሀብታሞቹ ቤዛ እንክፈል አሉት። ንብረታቸውን ወሰደና መርከቧን ከነሰዎቿ አቃጠላት። ይህን የጻፈው ጠላቱ አይደለም፤ ከፖርቹጋል መርከቦች በአንዱ ላይ ሆኖ በዓይኑ ያየ ቶሜ ሎፔሽ የሚባል የራሳቸው ሰው ነው። ሴቶቹ የወርቅና የብር ጌጣቸውን እያሳዩ፣ ሕፃናቶቻቸውን ወደ ላይ እያነሡ ሲማጸኑ አይቷል። ዳ ጋማም ያይ ነበር። ጥቂት ሕፃናት ብቻ ክርስትና ሊያስነሷቸው ወሰዱ። ሎፔሽ ያን ቀን በሕይወቱ ሙሉ እንደማይረሳው ጽፏል።

(ባለሱቋ ለረጅም ጊዜ ዝም ትላለች። ልጅቷ ብዕሯን አስቀምጣ ታዳምጣለች።)

ባለሱቋ፦ ጎረቤቴ ሐጂ ከዚያች ግድግዳ ማዶ ነው ያሉት። ሃያ ዓመት አብረን ነግደናል። መካ ሲሄዱ ሱቃቸውን የምጠብቀው እኔ ነኝ። ክርስትናዬን ለዚህ ሥራ ሲጠሩት መስማት ያመኛል።

መምህሩ፦ ሳሙድሪንም ያመመው እሱ ነው። ዳ ጋማ እስላሞቹን ሁሉ ከከተማህ አስወጣ አለው። ሳሙድሪ እምቢ አለ፤ ካሊከት ወደቧ ለመጣው ሁሉ ክፍት የሆነች ከተማ ናት፣ ሕዝቡም ስንት ዘመን አብሮ የኖረ ነው። እሱ ራሱ ሂንዱ ነው፣ ልብ በዪ። ለዚህ መልሱ ከተማው በመድፍ ተደበደበበት።

ባለሱቋ፦ እሺ፤ አስፈራሩ፣ ገደሉ። ግን ባሕር ሰፊ ነው። በጥቂት መርከብ ይሄን ሁሉ ነጋዴ እንዴት ያዙት? እኔ እዚህ አንድ ጉልበተኛ ቢመጣብኝ በሌላ በር እወጣለሁ።

መምህሩ፦ እዚህ ላይ ነው ዋናው ነገር። ባሕሩን ሊሞሉት አይችሉም፤ በሮቹን ግን መያዝ ይችላሉ። ጎዋን በ1510፣ ማላካን በ1511፣ ሆርሙዝን በ1515 ያዙ። የያዛቸው አልቡከርኬ የሚባለው ነው። ቀጥለው ወረቀት አወጡ። «ካርታዝ» ይሉታል። ከዐረብኛው «ቂርጣስ» የመጣ ነው፤ እኛ «ክርታስ» የምንለው ያው ቃል ነው።

ባለሱቋ፦ ክርታስ! ምን ተጽፎበት?

መምህሩ፦ የመርከቧ ስም፣ የአለቃዋ ስም፣ ስፋቷ፣ የሰዉ ብዛት፣ የያዘችው መሣሪያ፣ ከየት ወዴት እንደምትሄድ። የማትጭነው ዕቃም ተጽፎበታል፤ አንደኛው ይሄ እጅሽ ላይ ያለው ነው፣ ቁንዶ በርበሬ። እሱን ፖርቹጋል ለራሷ ከለለችው። ያለ ካርታዝ የተገኘች መርከብ ከነጭነቷ ትወረሳለች። ወረቀቱ ራሱ ውድ አልነበረም።

ባለሱቋ፦ ገቢው ታዲያ ከየት ነው?

መምህሩ፦ ካርታዝ የያዘች መርከብ በፖርቹጋሎች ምሽግ በኩል አልፋ ቀረጥ ካልከፈለች መሄድ አትችልም።

ባለሱቋ፦ ኬላ ነው በሉኛ! ባሕር ላይ ኬላ ተከሉ።

መምህሩ፦ ኬላ ነው። እኔ ስንት መጽሐፍ ሳገላብጥ ይህን ቃል አላሰብኩትም።

ባለሱቋ፦ እኔ ኬላን ከእርስዎ በላይ አውቀዋለሁ ጋሼ። ከጂማ ኮረሪማ ሳስመጣ መኪናው ስንት ቦታ ይቆማል፤ ይከፈታል፣ ይቆጠራል፣ ደረሰኝ ይጠየቃል። እናደዳለሁ፣ ግን እከፍላለሁ። መንገዱን የሠራው የአገሬ መንግሥት ነው፤ ቢበድለኝ የማመለክትበት በር አለኝ። ያ ሰውዬ ግን ያልሠራውን መንገድ፣ እግዜር የሠራውን ባሕር፣ ሰዎቹ በሺህ ዓመት ያቀኑትን ገበያ ነው የዘጋው።

መምህሩ፦ ነገሩን እንዳላሳምርልሽ ግን፣ ባሕሩ ከዚያ በፊት ገነት አልነበረም። ወንበዴ ነበረ። የየወደቡ ገዥ በየወደቡ ቀረጥ ይቀበል ነበር፤ ሳሙድሪም የከበረው በዚያ ነው። ዠንግ ሄም ሴሎን ላይ ተዋግቶ ንጉሥ ማርኮ ወስዷል። ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው፦ ቀረጡ የሚከፈለው ወደብ ለገባ፣ ለተራገፈ፣ ጥበቃና ሚዛን ላገኘ ዕቃ ነበር። ፖርቹጋሎቹ መሐል ውቅያኖስ ላይ በመጓዝህ ብቻ ክፈል አሉ። ይህን በዚያ ባሕር ከእነሱ በፊት የጠየቀ ኃይል አላውቅም። ነጋዴዎቹም መርከባቸው ለጭነት የተሰፋች እንጂ የመድፍ ንዝረት የምትችል አልነበረችም። ኋላ ታላቁ የሙጋል ንጉሥ አክበር እንኳ፣ በምድር ላይ የሚስተካከለው የሌለ ሰው፣ ሐጃጅ ወደ ጂዳ ሲልክ ያን ክርታስ ያወጣ ነበር።

ባለሱቋ፦ የእኛ ወገን አፍሪካስ?

መምህሩ፦ ኪልዋን ልንገርሽ። ዛሬ ታንዛኒያ ጠረፍ ላይ ያለች ደሴት ናት። ቤቶቿ ከኮራል ድንጋይ የታነጹ፣ ታላቅ መስጊድ ያላት፣ የራሷን የመዳብ ገንዘብ የምታትም ከተማ ነበረች። ከዚምባብዌ ደጋ የሚወርደው ወርቅ በሶፋላ በኩል በእሷ እጅ ያልፋል። ኢብን ባቱታ በ1331 አይቷት ውበቷን መስክሯል። በ1502 ዳ ጋማ መድፉን ደቅኖ ገብር አላት፤ ወርቅ ገበረች። በ1505 አልሜዳ የሚባለው መጥቶ ዘረፋት፤ ቀጥሎ ሞምባሳን አቃጠለ። የኪልዋው የመጀመሪያ ግብር ወርቅ የት እንደደረሰ ታውቂያለሽ?

ባለሱቋ፦ ጦር አደራጁበት ይሆናላ።

መምህሩ፦ ንጉሥ ማኑኤል የቅዱስ ቁርባን ማሳያ አሠራበት። በ1506 ተጠናቀቀ። ሐዋርያቱ ዙሪያውን ተንበርክከው፣ ከላያቸው ርግብ አንዣብባ፣ እጅግ ያማረ ነው። ዛሬም ሊዝበን ሙዚየም ውስጥ አለ፤ ጎብኚ ሁሉ ያደንቀዋል። እኔም ፎቶውን ሳይ ውበቱ ይገባኛል። ግን ያ ወርቅ በመድፍ አፍ የተነጠቀ ነው፤ ሁለቱን ነገር ለያይቼ ማየት አልቻልኩም።

ባለሱቋ፦ በነጠቁት ወርቅ የጌታን ሥጋ! ማን ፈቀደላቸው ግን? ሰው ያለ ፈቃድ እንዲህ አይደፍርም።

መምህሩ፦ ፈቃድማ ነበራቸው። በ1455 የሮማው ጳጳስ ኒኮላስ አምስተኛ ለፖርቹጋል ንጉሥ ከአፍሪካ ጠረፍ ወደ ደቡብ ያለውን ሁሉ መያዝን፣ ሕዝቡንም ባሪያ ማድረግን የሚፈቅድ ደብዳቤ ሰጡ። ከዚያ 11 ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1444፣ ላጎስ በምትባል የፖርቹጋል ከተማ 235 አፍሪካውያን ከመርከብ ወርደው ሜዳ ላይ ተከፋፍለዋል። የፖርቹጋሉ ልዑል ሄንሪ ፈረሱ ላይ ተቀምጦ ያይ ነበር፤ አምስተኛው እጅ የእሱ ነበር። እናቶች ልጆቻቸውን እያቀፉ መሬት ላይ ሲወድቁ የራሱ የቤተ መንግሥት ታሪክ ጸሐፊ ዙራራ መዝግቦታል። ወደ ህንድ የሚወስደው ጉዞ እንዲህ ባለው ገበያ ነው የጀመረው። በ1494 ደግሞ ስፔንና ፖርቹጋል ቶርዴሲያስ ላይ ተቀምጠው ዓለሙን በአንድ መስመር ለሁለት ተካፈሉት፤ ከኬፕ ቬርዴ ደሴቶች በስተምዕራብ 370 ሊግ ላይ። ካሊከት አልተጠራም፤ ኪልዋ አልተጠራም። ዳ ጋማ በ1499 ሲመለስ ንጉሥ ማኑኤል አዲስ ማዕርግ ለራሱ ጨመረ፦ የኢትዮጵያ፣ የዐረብ፣ የፋርስና የህንድ የወረራ፣ የባሕር ጉዞና የንግድ ጌታ።

ባለሱቋ፦ የኢትዮጵያ? እኛን ነው?

መምህሩ፦ ያን ጊዜ ፈረንጆች «ኢትዮጵያ» ሲሉ የጥቁር ሕዝብን አገር ሁሉ ማለታቸው ነበር፤ እኛም ውስጡ አለን። እዚህ ዙፋኑ ላይ የነበረው አፄ ናዖድ ነው።

ባለሱቋ፦ የሰው ቤት አከራይቶ ኪራይ የሚቀበል ደላላ አይቻለሁ። ይሄ ግን ከዚያም ይብሳል። እኛስ ግን ጋሼ? ፖርቹጋል ወዳጃችን ነበር ብለው አስተምረውናል። ክርክርዎን የሚያፈርስብዎትን ነገርም ይንገሩኝ።

መምህሩ፦ አልሸሸውም። በመጀመሪያ፣ እኛ እነሱ እስኪመጡ ቁጭ ብለን አልጠበቅንም። የአፄ ዳዊት መልእክተኞች በ1402 ቬኒስ ገብተዋል፤ ዳ ጋማ ከመነሣቱ 95 ዓመት በፊት። «ኢትዮጵያውያን ቬኒስን አገኙ» ብሎ የጻፈ የለም። ሁለተኛ፣ ፖርቹጋላዊው ፔሮ ዳ ኮቪልያ። በ1487 ንጉሡ ላከው፤ ነጋዴ መስሎ በካይሮ በኩል፣ በሰው መርከብ ዋጋውን ከፍሎ እየተሳፈረ ካሊከትን፣ ጎዋን፣ ሶፋላን አየ። ዳ ጋማ ከመድረሱ አስር ዓመት ገደማ ቀድሞ ማለት ነው። መድፍ አልያዘም፤ የከለከለውም አልነበረም። ኋላ «ቄሱ ዮሐንስ» የሚሉትን ክርስቲያን ንጉሥ ፍለጋ እኛ አገር ገባ። ነገሥታቱ ርስት ሰጡት፣ ትዳር ሰጡት፤ መውጣት ግን አልፈቀዱለትም። በ1520 የፖርቹጋል መልእክተኞች ሲመጡ እዚሁ በሕይወት አገኙት። የአገሩን ሰዎች ሲያይ አለቀሰ።

ባለሱቋ፦ ምስኪን። ያንንም እኛ ነን ያደረግነው።

መምህሩ፦ እኛ ነን። ሦስተኛው ነገር የሚከብደኝ ነው። ንግሥት እሌኒ ማቴዎስ የሚባለውን መልእክተኛ የላከችው ከፖርቹጋል ጋር በምድርና በባሕር እንተባበር ብላ ነው። በ1514 ሊዝበን ደረሰ። አርቆ አሳቢ ሴት ነበረች፤ የምትፈልገው የባሕር ኃይል እንደሆነ አውቃለች። ኋላ የኢማም አሕመድ ጦር አገሩን ሲያዳርስ፣ በ1541 ከምጽዋ 400 ጠመንጃ ያዦች ገቡ። አለቃቸው ክሪስቶቫኦ ዳ ጋማ ይባላል።

ባለሱቋ፦ ዳ ጋማ? ዘመዱ ነው?

መምህሩ፦ ልጁ ነው። ሚሪን ያቃጠለው ሰው ልጅ። በ1542 ተማርኮ ተገደለ። በሚቀጥለው ዓመት ከተረፉት ጋር አፄ ገላውዴዎስ ወይና ደጋ ላይ ድል አደረገ። ያ ልጅ ለማያውቀው አገር ሞቷል፤ ይህን አልነሣውም። ግን ያ ጠመንጃ እኛ ጋ እርዳታ ተብሎ ሲደርስ፣ ኪልዋና ካሊከት ጋ ምን ተብሎ እንደደረሰ አላስተማርኳችሁም። አንዱን ገጽ ብቻ ነው ያነበብኩላችሁ። እዚህም ቢሆን ነገሩ በእርዳታ አልቆመም። ኢየሱሳውያን መጡ፣ አፄ ሱስንዮስ ካቶሊክነትን አወጁ፣ አገር ታመሰ፤ በ1632 ፋሲል ሃይማኖቱን መለሰና ኋላ አስወጣቸው። ለማስወጣት የቻልነው የእነሱ ኃይል ውኃ ላይ ስለነበረ ነው ብዬ አምናለሁ። ደጋ ላይ ኬላ አልነበራቸውም።

ባለሱቋ፦ ኬላው እስከ መቼ ቆየ?

መምህሩ፦ ከመጀመሪያውም ያፈስ ነበር። የቀይ ባሕርን በር ለመዝጋት በ1513 ኤደንን ሊይዙ ሞክረው አልቻሉም። ስለዚህ በ16ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ቁንዶ በርበሬ እንደ ድሮው በቀይ ባሕር ወደ ካይሮ፣ ከዚያ ወደ ቬኒስ ይጎርፍ ነበር።

ባለሱቋ፦ ኬላ ባለበት ሁሉ ኮንትሮባንድ አለ። ይሄንንስ እኔም እነግርዎት ነበር።

መምህሩ፦ የራሳቸው ሹማምንትም ጉቦ እየበሉ ያሳልፉ ነበር። ሞምባሳ ላይ በ1593 የኢየሱስ ምሽግ ብለው የሠሩትን የኦማን ሰዎች ሦስት ዓመት ገደማ ከበው በ1698 ወሰዱት፤ ግንቡ ዛሬም ቆሟል። ግን ሐሳቡ አልጠፋም። ሆላንዶች መጡ፣ እንግሊዞች መጡ፤ ሁሉም የራሱን ክርታስ አወጣ። ኬላው መጀመሪያ ባሕር ላይ ነበር፣ ቀጥሎ ወደብ ላይ፣ ቀጥሎ ማሳው ላይ። አገር መግዛት የሚባለው በዚያ መንገድ ነው የመጣው።

ባለሱቋ፦ የዚያ ሁሉ ጣጣ መነሻ ይሄ ነው? (አንድ እፍኝ ቁንዶ በርበሬ ታነሣለች።) በቀን ስንት ጊዜ እሰፍረዋለሁ።

መምህሩ፦ እሱ ነው። ያ ሌላው ቅመምሽም በዚሁ ታሪክ ውስጥ አለ። ደጅሽ ላይ በኬሻ የቆመው በርበሬ።

ባለሱቋ፦ እሱማ የእኛ ነው!

መምህሩ፦ ዛሬ የእኛ ነው። ተክሉ ግን የአሜሪካ ነው፤ ኮሎምበስ በ1492 ከመሻገሩ በፊት ከዚያ አህጉር ውጭ ያየው ሰው የለም። በቆሎም እንደዚሁ። በአንዳንድ የአገራችን ክፍል «የባሕር ማሽላ» የሚሉት ከባሕር ማዶ እንደመጣ ስለሚያውቁ ነው። አፄ ዳዊት ዶሮ ወጥ በልተው ከሆነ፣ በርበሬ የለበትም።

ባለሱቋ፦ እናቴ ይሄን ብትሰማ ታለቅስ ነበር። (ለአፍታ ዝም ብላ) ግን ተክሉ ምን ጥፋት አለው? ያመጡትም ያበቀሉትም ብዙ እጆች ናቸው። የኛ ገበሬ አሳድጎታል፤ የኛ እናቶች ደልዘው፣ አድርቀው፣ አስፈጭተው በርበሬ አድርገውታል።

መምህሩ፦ እሱን ነው የምልሽ። እጆቹን ነው መጽሐፉ የሚዘላቸው።

ባለሱቋ፦ እንግዲያው የዘለሉብኝን ይመልሱልኝ። ያ ከማሊንዲ የመራው ሰው ማን ነው?

መምህሩ፦ ለረጅም ዘመን አሕመድ ኢብን ማጂድ ነው ሲባል ኖሯል፤ ስለ ባሕር ጉዞ ብዙ የጻፈ የተከበረ ዐረብ መርከበኛ ነው። እኔም እንደዚያ አስተምሬያለሁ። ተሳስቻለሁ። የፖርቹጋል ታሪክ ጸሐፊዎች ራሳቸው የጉጃራት ሰው ነበር ይላሉ። ጉዞው ላይ የተጻፈው ማስታወሻ ስሙን አይናገርም። ቆይቶ ከጻፉት አንዱ «ማሌሞ ካና» ይለዋል። እሱም ስም አይደለም። «ማሌሞ» ዐረብኛው «ሙዓሊም» ነው፤ መርከበኞች የመርከብ መሪያቸውን የሚጠሩበት ማዕርግ።

ባለሱቋ፦ ሙዓሊም? ሐጂ የልጆቻቸውን አስተማሪ እኮ ነው ሙዓሊም የሚሉት።

መምህሩ፦ ቃሉ እሱው ነው። መምህር ማለት ነው።

ባለሱቋ፦ (ወደ ልጇ ዞራ) ነገ ፈተናው ላይ መልሱን እንዳለ ጻፊ፤ ውጤት እንዳይቀነስብሽ። ደብተርሽ ላይ ግን ከሥሩ ጨምሪ፦ በ1498 ዳ ጋማን ከማሊንዲ ወደ ህንድ የመራው አንድ የጉጃራት መምህር ነው።

መምህሩ፦ በ23 ቀን እንዳደረሰውም ጻፊ።